«ቀጠሮው ይጠርልን»

እስር ላይ ያለው ወንድሜ ይግባኝ ካለ ወዲህ ያየነው ቀጠሮ እንጂ ፍርድ አይደለም። በሄድን ቁጥር «መዝገቡ ከሥር ፍርድ ቤት አልመጣም» ይሉናል። እንዴ! መዝገብ እግር አውጥቶ እንዲመጣ ነው የሚጠብቁት? በጠዋት ከጎፋ በታክሲ ተጋፍቼ የምሄደው ይህችኑ ቃል ለመስማት ነበር። በመጨረሻ ጭራሽ ከክረምቱ በኋላ ቀጠሩን። እናታችን ደግሞ አልጋ ላይ ናት፤ ሐኪሞቹ «ወደ ቤት ውሰዷት» ካሉን ሰንብቷል።

«ልጄን ሳላይ አትውሰደኝ» እያለች ቀን ከሌት አምላኳን ትለምናለች። አንጀቴ ሲያርር ለይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ማመልከቻ አስጻፍኩ፤ እናቱ በሕይወት ሳለች እንዲደርስላት ቀጠሮው ይጠርልን የሚል። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም እንዲሉ፣ ዳኞቹ አቤቱታውን ሊሰሙ ቅርብ ቀን ቆረጡ፣ እሱም ከማረሚያ ቤት እንዲቀርብ አዘዙ። የምሆነውን አጣሁ በደስታ።

እናቴ ግን ያን ቀን አልጠበቀችም።

ከቀብር ስንመለስ ሽማግሌዎቹ ድንኳኑ ውስጥ ተመካከሩ። «እስር ቤት መርዶ አይነገርም። ሲፈታ፣ ዘመድ ተሰብስቦ፣ እቤቱ ይረዳል» አሉ። አጎቴ ወደ እኔ ዞረና «አንቺ ሆደ ባሻ ነሽ፤ ፊቱ እንዳታለቅሺ!» አለኝ። የአገር ወግ ነው፣ እሺ አልኩ። አቤቱታችን የቆመው በእሷ በሕይወት መኖር ላይ መሆኑን ከመካከላችን ያስታወሰ የለም፤ ሐዘን ያደነዝዛል።

በቀጠሮው ጠዋት ጥቁሬን አውልቄ ሰማያዊ ቀሚስ ለበስኩ፣ የተቆረጠ ፀጉሬን በሻሽ ሸፈንኩ። ታክሲ ተራ ላይ አንዲት ጎረቤታችን አየችኝና «ምነው ልጄ፣ ገና አፈሩ ሳይደርቅ!» አለችኝ። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ታክሲው ውስጥ ገባሁ።

ወንድሜ በፖሊስ ታጅቦ ችሎት ገባ። ሲያየኝ ፈገግ አለና በከንፈሩ ብቻ «እማዬስ?» አለኝ። ራሴን ነቀነቅኩለት፤ ምን ማለቴ እንደሆነ እኔም አላውቅም።

የመሃል ዳኛው ማመልከቻውን አንብበው ቀና አሉ።

«እኅቱ አንቺ ነሽ? እናታችሁ አሁን እንዴት ናቸው?»

ደህና ናት ብል ፍርድ ቤት መዋሸት ነው። እውነቱን ብናገር መርዶ ነጋሪው እኔ ልሆን ነው፣ ያውም ደግፎ የሚይዘው ዘመድ በሌለበት፣ በቆመበት።

«ተናገሪ እንጂ» አሉኝ ዳኛው።

አልቻልኩም። እኔ ዝም ባልኩ መጠን የወንድሜ ፊት እየጠቆረ ሄደ። እኛ አገር እናት እንዴት ናት ሲባል ዝም የሚባለው መቼ እንደሆነ ማን ያጣዋል?

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ አያስጨንቋት» አለ። «ገብቶኛል። ቀጠሮው እንደነበረ ይቆይ። ከእንግዲህ ማን ይጠብቀኛል?»

«እኔስ?» ብዬ ጮህኩ፣ ችሎት መሆኑን ረስቼ። «እኔ ሰው አይደለሁም? እኔ እየጠበቅኩህ አይደለም እንዴ?»

ዳኛው ዝም በይ አላሉኝም።