ያለ ተረት አይጻፍም

ልጅ ሳለሁ የአመሻሽ ሥራዬ ለአባቴ ፋኖስ መያዝ ነበር። አባቴ ኮምቦልቻ ውስጥ፣ ከባቲ መንገድ ዳር ባለች የቆርቆሮ ክፍል፣ በጭነት መኪኖች ጀርባ ላይ ጥቅስ እየጻፈ አሳደገን። ሾፌሮቹ ቀኑን መንገድ ላይ ስለሚውሉ የሚመጡት ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ነው። እኔ የተገለበጠ የቀለም ጣሳ ላይ ቁጭ ብዬ ፋኖሱን ከፍ አደርጋለሁ፤ እሱ ብሩሹን ቀለም በሚያቀጥነው አኳራጅ ያጥባል። በክረምት ቀለሙ ቶሎ አልደርቅ ሲለው ከሰል አያይዞ ከመኪናው ሳንቃ ራቅ አድርጎ ያስቀምጣል፤ ያኔ የቀለሙ ሽታና የከሰሉ ጢስ ተደባልቀው ልብሴ ውስጥ ስለሚቀሩ ትምህርት ቤት ውስጥ ስሜ «አኳራጅ» ነበር።

አባቴ አንድ ደንብ ነበረው። ጥቅስ ያመጣ ሰው ተረቱንም ማምጣት አለበት።

«"የማያልፍ የለም" ብለህ ጻፍልኝ» ይለዋል አንዱ።

«ምን አልፎልህ ያውቃል?»

«ኧረ አያ ተፈራ! ሁሉም ሰው የሚያጽፈው አይደል እንዴ!»

«እንግዲያው ሁሉም ሰው ይጻፍልህ» ብሎ ብሩሹን ያስቀምጣል።

ሾፌሩ ይሳደባል፣ ይስቃል፣ መጨረሻ ላይ ግን ከከሰሉ አጠገብ ቁጭ ብሎ ይጀምራል። «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ያስጻፈው ሰው እስከ አራት ዓመቱ ስላልሄደው ልጁ አወራ። ሌላው ከአያቱ የሰማውን የጅብና የአህያ ተረት የራሱ ገጠመኝ አድርጎ ነገረን። አባቴ ውሸት ሲሰማ ያውቃል፤ ውሸቱ ጥሩ ከሆነ ግን ይጽፍላቸው ነበር። እኔም እጄ እየዛለ፣ ፋኖሱ ወደ ታች እየወረደ፣ «ብርሃን!» እየተባልሁ ያን ሁሉ ሰማሁ።

አንድ የነሐሴ ምሽት የሐርቡው ሰይድ «አሰላሙ አለይኩም» ብሎ ገባ። ሾፌር ከሆነ ገና አንድ ዓመት አልሞላውም ነበር። ያመጣት ቃል ከዚያ በፊት በማንም መኪና ላይ አልታየችም፦ «ቀስ እንላለን፣ እንደርሳለን።»

«ይህ ደግሞ ከየት የመጣ ነው?» አለ አባቴ።

«ከእናቴ።»

ከዚያ ተረቱን ነገረን። ሰይድ የአምስት ዓመት ልጅ ሳለ አባቱ ሞቶ፣ እናቱ እሱንና አንዲት ፍየል ይዛ ወደ ወንድሞቿ ስትሄድ የቦርከና ወንዝ ሞልቶ ጠበቃት። መመለሻ ቤት አልነበራትም። ልጁን በጀርባዋ አዝላ፣ ፍየሏን በገመድ ይዛ፣ በበትር ድንጋዩን እየዳበሰች ገባች። በየእርምጃው «ቀስ እንላለን፣ እንደርሳለን» ትል ነበር። ወንዙ መሐል ሲደርሱ ገመዱ ከእጇ ወጣ። ሰይድ ጮኸ። እናቱ ዞራ አላየችም፤ ያንኑ ቃል እያለች ተሻገረች።

«ፍየሏስ?» አለ አባቴ።

«ወላሂ አያ ተፈራ፣ ፍየሏ አልደረሰችም።»

«እንግዲያው ጥቅስህ ጎደሎ ነው።»

«የተባለው ለእኔ ነዋ! ለፍየሏ መች ተባለ?»

ሦስታችንም ሳቅን። አባቴ በዚያ ምሽት ከጻፋቸው ሁሉ አሳምሮ ጻፈለት፤ ፊደሎቹን በቢጫ ሞልቶ ዳር ዳራቸውን በቀይ ከበባቸው።

በዓመቱ የሰይድ መኪና ከባቲ በላይ ገደል ገባ፤ እሱም አልተረፈም። ወሬውን የሰማነው ከሌሎች ሾፌሮች ነው። አባቴ ለብዙ ቀን ብሩሽ አልነካም። አንድ አመሻሽ አንዲት ሴት በነጠላ የተጠቀለለ ሳንቃ አዝለው ከበራችን ቆሙ። ዘሀራ ነኝ፣ የሰይድ እናት፣ አሉ። ነጠላውን ሲገልጡት ከመኪናው የኋላ መዝጊያ፣ ከስፖንዳው፣ የተሰበረች ቁራጭ ነበረች። ቀለሟ ተፍቋል፣ ቃሏ ግን ትነበባለች።

አባቴ ዓይናቸውን ማየት አልቻለም። ጨርቁን አኳራጅ ውስጥ ነከረና ሳንቃዋን ሳብ አደረገ። ጽሑፉን ሊያጠፋው ነበር። እኔም ፋኖሱን አስጠጋሁለት።

«ተው ልጄ፣ ምን ልታደርግ ነው?»

«እማማ፣ ይቅር ይበሉኝ። ውሸት ነው የጻፍሁት።»

«ውሸቱ የቱ ላይ ነው?»

እማማ ዘሀራ ከአባቴ እጅ ጨርቁን ቀስ አድርገው ወሰዱ። «እኔ ያን ቀን ወንዙ ውስጥ መድረሳችንን አውቄ ያልሁት መሰለህ? እግሬ እንዳይቆም ነው ያልሁት። ዛሬም እግሬ እንዳይቆም ነው የምፈልገው። አድስልኝ።»

አደሰላቸው። ቀለሙ እስኪደርቅ ከከሰሉ አጠገብ ተቀመጡ፤ ከዚያ አዝለዋት ሄዱ። ያኔ ገና አሥር ዓመቴ ነበር፤ የገባኝ ነገር ቢኖር ትልልቅ ሰዎችም እንደሚፈሩ ብቻ ነው።

ካገባሁ በኋላ ይህን ለባለቤቴ ለአበራ ነገርሁት። እሱም ሾፌር ነበር፣ በደሴና በኮምቦልቻ መካከል ሚኒባስ ይነዳ ነበር። ሐረጎ ዳገት ላይ ጉሙ ወርዶ የፊቱ መንገድ ሲጠፋ፣ ተሳፋሪው «ሹፌር፣ ኧረ ንካው!» እያለ ሲጮህ፣ «ቀስ እንላለን፣ እንደርሳለን» ይላል። አንድ ቀን ከኋላ አንዲት ሴት «ለሰርጉ ነው ለመልሱ?» ብላው መኪናው በሙሉ ሳቀ። በቤታችን ደግሞ ያረፈደ፣ የተረሳ፣ ምሳ ያለቀበት ሁሉ «ፍየሏ» ይባል ነበር። ልጆቻችን ያደጉት በዚህ ነው።

አበራ ኩላሊቱን ሲታመም ሆስፒታል ውስጥ ጠዋት ጠዋት ደግፌ እስከ መስኮቱ አደርሰው ነበር። በየእርምጃው ያንን ቃል እለው ነበር። አንድ ጠዋት መሐል ላይ ቆመና፣ «አንቺዬ፣ የዛሬዋ ፍየል እኔ ነኝ መሰለኝ» አለኝ። ቀልዱ ነበር፤ ፈገግም ብሏል። እኔ ግን «ዝም በል!» ብዬ ጮኽሁበት። ከዚያ በኋላ አልቀለደም። ብስቅለት ምን ነበረበት እያልሁ እስከ ዛሬ አስባለሁ።

የአበራ ለቅሶ ላይ የመጣው ሰው ሁሉ ጥቅስ ይዞልኝ መጣ። «ሁሉም ያልፋል።» «ጊዜ መድኃኒት ነው።» በጥቅስ ያደግሁ ሴት ጆሮዬን መድፈን አማረኝ። አንዳንዱን እንደ አባቴ፣ ምን አልፎልህ ያውቃል? ልለው ዳዳኝ። አንዲት ጎረቤቴ ግን፣ ልጇን የቀበረች ናት፣ «ያልፋል» ብላ ድምፅዋ ሲሰበር ከሌሎቹ ሁሉ እሷን አመንኋት። ቃሉ ያው ነው።

አሁን ሙት ዓመቱ ደርሷል፤ የመቃብሩ ድንጋይ ላይ ምን ይጻፍ የሚለው እኔ ላይ ወድቋል። ልጄ በስልክ ሦስት ጥቅስ ላከችልኝ። «እማዬ፣ ይሄኛው የትልቅ ሰው አባባል ነው» አለችኝ። ሦስቱም ያምራሉ። ለአንዳቸውም ግን የምነግረው ተረት የለኝም። የእኛን ቃል ስነግራት ወንድሟ ስልኩን ተቀብሎ፣ «መቃብር ላይ "እንደርሳለን"? ሰው ይስቅብናል እኮ! የት ነው የሚደረሰው?» አለኝ። እኔም አላውቅም። እማማ ዘሀራም አላወቁም ነበር። ሰይድ ከሞተ፣ አባቴ ከሞተ፣ እሳቸውም ከሞቱ ስንት ዘመን ሆነ፤ ቃሏን ግን አንዱ በጨነቀው ቁጥር ለሌላው እያቀበለ እዚህ አድርሷታል።

ትናንት ቧንቧ ውሃ ሰፈር ወዳለው ድንጋይ ጠራቢ ሄድሁ። ጎልማሳ ነው፣ ጸጉሩ በድንጋይ ብናኝ ነጥቷል። «ምን ልጻፍ እናቴ?» አለኝ። ነገርሁት። እርሳሱን ካነሳ በኋላ መልሶ ጆሮው ላይ ሰካና፣ «ይህስ ከየት የመጣ ነው?» ብሎ ጠየቀኝ። አጠገቡ ያለች ያልተጠረበች ድንጋይ ላይ ቁጭ ብዬ ከወንዙ ጀምሬ ተረክሁለት። መዶሻውን አስቀምጦ ሰማኝ።

«ፍየሏስ?» አለኝ።

በስተኋላው ስም ብቻ የተጻፈበት የአበራ ድንጋይ ተጋድሟል።

«አልደረሰችም» አልሁት።

ራሱን ነቀነቀ፣ እርሳሱን ከጆሮው አወረደ፣ ከ«ቀ» ጀመረ።