የአክስቴ የስለት ሐረግ

ይህ ነገር ለመጻፍ የሚበቃ መሆኑን እጠራጠራለሁ። ከቤተ ክርስቲያን ደን ውስጥ ሐረግ ነቀልን፤ ሌላ ነገር የለውም። ግን ያ ደን አሁንም በህልሜ ይመጣል።

የዩኒቨርሲቲ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ ነኝ። ቅዳሜ ቅዳሜ ደሴን በጉም እንደተሸፈነች ትቼ በሚኒባስ ኮምቦልቻ፣ አክስቴ ቤት እወርዳለሁ። መንገዱ ሲጠማዘዝ ጉሙ ከኋላ ይቀራል፤ ሙቀቱ ቀስ እያለ ይቀበለኛል። ከቤቷ በላይ ያለው የቤተ ክርስቲያኑ ደን ወይራና ጥድ ነው። በክረምቱ መግቢያ ከሩቅ ሳየው ዛፎቹ ነጠላ የተከናነቡ መሰሉኝ። የለበሱት ሐምራዊ አበባ ያለው ሐረግ ነበር። ሥሩ ቆሜ ወደ ላይ ሳይ ብርሃኑ አረንጓዴ ሆኖ ይወርዳል፤ ውሃ ውስጥ የቆምኩ ይመስለኛል። ከውስጥ ግን የወይራዎቹ ቅርንጫፎች ደርቀው ነበር።

ሐረጉን የተከለችው አክስቴ ናት። ከዓመታት በፊት ልጇ ታሞ ሆስፒታል ሲተኛ፣ ከዳነልኝ አበባ እተክላለሁ ብላ ተሳለች። ሲድን ከሰኞ ገበያ ችግኝ ገዝታ በቤተ ክርስቲያኑ አጥር ጥግ ተከለች። ከዚያ ደን ጭራሮ እንኳ ያለ ካህናቱ ፈቃድ አይወጣም፤ ስለዚህ ሐረጉን የነካው አልነበረም።

ቅጠሉን ዩኒቨርሲቲ ለዕፅዋት መምህሬ አሳየሁት። ከውጭ የመጣ፣ ዛፍ እየሸፈነ የሚያደርቅ መጤ ሐረግ መሆኑን፣ ፍሬው ሳይፈነዳ ካልተነቀለም ዘሩ እንደ ጥጥ በነፋስ እንደሚበተን ነገረኝ። የደብሩ አስተዳዳሪም ፈቀዱ። ሊነቅሉ የመጡት የደብሩ ወጣቶች ግን በመጀመሪያው ቀን የቆረጡት ማንንም የማይጎዳውን የአገሩን ሐረግ ነበር፤ ስለት ለመንካት ፈርተው። የሁለቱን ቅጠል እያነጻጸርኩ አሳየኋቸው። የመጤው ወፍራምና የሚያብረቀርቅ ነው፤ ሲቀነጠስ ነጭ ወተት ያወጣል፤ ወተቱ ዓይን መንካት የለበትም። ሰሙኝ፤ ሆኖም ሁሉም የሚያዩት አክስቴን ነበር።

«ስለቴ ሲነቀል ልጄስ?» አለች። ልጇ ሹፌር ነው፤ ያን ቀን መንገድ ላይ ነበር።

አስተዳዳሪው አጠገቧ ድንጋይ ላይ ተቀመጡ። «ጧፍ ታመጪ የለም? ነድዶ ሲያልቅ ስለቴ ፈረሰ ትያለሽ?»

«ጧፍ ዛፍ ላይ አይወጣም፣ አባ።»

ሳቁ። «ይሄ ወጣ። የተቀበልነው እኛ ነን፤ እኛው እናውርደው።»

አክስቴ ቀና ብላ ሐረጉን አየች። ከዚያ እጇን በፌስታል ጠቅልላ ዶማ ጠየቀች። የተከልኩት እኔ ነኝ፣ መጀመሪያም እኔ ልንካው አለች።

አፈሩ በዝናቡ ርሶ ስለነበር ሥሩ ሳይበጠስ ወጣ። ቅርንጫፍ እንዳይሰበር የላዩን ሐረግ እዚያው እንዲደርቅ ተውነው። በየሳምንቱ ስመጣ ቅጠሉ እየረገፈ ሰማዩ በጥቂት በጥቂቱ ይከፈት ነበር። ያቆጠቆጠውን እየተመለስን ቆፈርን። የመጨረሻውን ሥር ያወጣው ልጇ ነው፤ ከጎኗ ተንበርክኮ፣ እሷ ቀስ በል እያለችው። ቀኑ ጥቅምት ዘጠኝ ነበር፤ አንድም ፍሬ አልፈነዳም።