የስድስተኛው ዙር ባዶ ሳጥኖች

ቨርና ማስመሪያውን በግራ እጇ ጫን አድርጋ፣ በቀኟ እርሳሱን ከላይ ወደ ታች ትስባለች። አንዱን ስትጨርስ ማስመሪያውን በጣት ስፋት ታንቀሳቅስና ሌላውን ትጀምራለች። ወደ ታች ዘጠኝ ረድፍ ለዘጠኙ ኳስ መቺዎች፣ ወደ ጎን ዘጠኝ ዓምድ ለዘጠኙ ዙር። ሰማንያ አንድ ትንንሽ ሳጥን ሲሞላላት ገጹን ገልብጣ ለተጋጣሚው ቡድን ሌላ ሰማንያ አንድ ታሰምራለች። የጣቶቿ መገጣጠሚያ በበረኪና ብዛት አብጦ እርሳሱ ይንሸራተትባታል። ከሌሊቱ አሥር ሰዓት ተነስታ በአረጋውያን መኖሪያው ልብስ ማጠቢያ ክፍል አንሶላ ስታጥፍ ነው ያረፈደችው። ዛሬ ባልደረባዋ ስለቀረች የሁለት ሰው ሥራ ሠርታለች። አሁን ለሰባት ሰዓት አምስት ደቂቃ ጉዳይ ነው። የመኝታ ቤቱ በር ተከፍቷል፣ አልጋው ከወንበሯ ይታያል፤ እሷ ግን ወደዚያ አትዞርም። ካየችው ሄዳ ትተኛለችና።

ጠረጴዛው ላይ የልጅ ልጇ ትታላት የሄደችው አሮጌ ላፕቶፕ አለ። ቨርና የምትነካው አንዲት ምልክት ብቻ ነው። ትነካታለች፣ ስክሪኑ ላይ ያለችው ክብ ትዞራለች፣ ትዞራለች፣ ከዚያ ዱዌን ይመጣል።

«እንደምን ዋላችሁ የሃርላን ቤንድ ሰዎች! ጃርቶቻችን ሜዳ ገብተዋል፣ ፀሐዩ መጥበሻ ነው፣ አረንጓዴ መኪና በሩ ፊት ያቆምከው ሰውዬ ደግሞ መብራትህን አላጠፋህም። ባትሪህ ሲያልቅ እኔ ጋ እንዳትመጣ!»

ዱዌን የከተማውን የቤዝቦል ቡድን፣ የጃርቶችን፣ ጨዋታ በሬዲዮ ሲያስተላልፍ ሠላሳ ዓመት ሊሆነው ነው። ኮረብታው ላይ የነበረው የሬዲዮው ማሰራጫ ምሰሶ ከፈረሰ ወዲህ ጣቢያው ኢንተርኔት ላይ ብቻ ነው ያለው። በሰዓቱ የሰማ ሰማ፣ ያመለጠው አመለጠው፤ መልሶ የሚያሰማ የለም። ጋዜጣውም የሚጽፈው ማን ስንት ለስንት እንዳሸነፈ ብቻ ነው። ሜዳው መብራት ስለሌለው ጨዋታው ሁልጊዜ ቀን ነው፣ ያውም ሐሙስና ቅዳሜ። ችግሩም እዚህ ላይ ነበር።

የቨርና ባል ኤልዊን ዕድሜውን በሙሉ ፎቅ በሚያህለው የከተማው የእህል ጎተራ ላይ ነው የሠራው። ጎተራው አናት ላይ ባለችው ጠባብ ክፍል ሬዲዮውን ሰቅሎ፣ በቆሎ የጫኑ መኪኖች እየመዘነ፣ የጃርቶችን ጨዋታ በየሳጥኑ ሲጽፍ አርባ አንድ በጋ አሳልፏል። ደብተሮቹ ሳሎን ቁም ሣጥን ሥር ተደርድረዋል። ከሦስት ዓመት በፊት ስኳር ዓይኑን ወሰደው። ባለፈው መኸር ደግሞ ኩላሊቶቹን። አሁን ማክሰኞ፣ ሐሙስና ቅዳሜ ረፋዱ ላይ የሕመምተኞች ሚኒባስ ይወስደውና፣ በሚቀጥለው ከተማ ከማሽን ጋር ተያይዞ ደሙ ሲታጠብ ይውላል። እዚያ ሆኖ ጨዋታውን በስልክ ለመስማት ሞክሮ ነበር። የደም ግፊቱ ሲወርድ የዱዌን ድምፅ ጆሮው ውስጥ እንደ ንብ ሆነበት፤ አስመለሰው። ሁለተኛ አልሞከረም።

በመጋቢት አንድ ቀን ከሚኒባሱ ወርዶ የቤቱ ደረጃ ላይ ተቀመጠና ወደ ውስጥ አልገባም አለ።

«ይበቃኛል ቨርኒ።»

«ምኑ?»

«ይሄ መመላለስ። ሐኪሙን ጠይቄዋለሁ። ካቆምኩ አሥር ቀን ነው፣ ቢበዛ ሁለት ሳምንት። አያምም አለኝ።»

ቨርና አላለቀሰችም። ተንበርክካ የጫማውን ማሰሪያ ስትፈታለት ቆየችና፣ «ጨዋታ ሊጀመር ሁለት ወር አልቀረውም» አለች።

«ጨዋታው ቀን ነው። እኔ ቀን ቀን የት እንደምውል ታውቂያለሽ።»

«እኔ እሰማልሃለሁ። እጽፈዋለሁ። ስትመጣ አነብልሃለሁ።»

«አንቺ? ኳስ ከድንች የማትለዪ ሴትዮ?»

«አስተምረኛ!»

ኮፍያውን አውልቆ ጉልበቱ ላይ አደረገ። የጎረቤት ውሻ ጮኾ እስኪበቃው ጠበቀ።

«አንዲት ኳስ ሳትጠፋ?»

«አንዲት ኳስ ሳትጠፋ።»

«እንግዲያው የዘንድሮው ጨዋታ እስኪያልቅ እሄዳለሁ። ከዚያ በኋላ እንነጋገራለን» አለና ክንዱን ሰጣት።

እንዲህ ሆኖ ቨርና በስልሳ ዘጠኝ ዓመቷ ምልክት መልቀም ጀመረች። እሱ በቃሉ ይነግራታል፣ እሷ ትጽፋለች፣ ስትሳሳት እሱ ስለማያያት ቀስ ብላ ታጠፋለች። መቺው ሦስት ጊዜ ስቶ ከወጣ «ኬ» ናት። ተከላካዮቹ እያንዳንዳቸው የቦታ ቁጥር አላቸው፤ ስድስተኛው ኳሷን አንስቶ ለሦስተኛው ወርውሮ መቺውን ካስወጡት «6-3» ይጻፋል። መትቶ የሮጠው ሰው በሦስቱ ማረፊያዎች አልፎ ወደተነሳበት ከተመለሰ ሳጥኑ ይጠቁራል፤ ያ አንድ ነጥብ ነው። ሦስት ሰው ሲወጣ ተራው ለሌላው ቡድን ያልፋል። ዘጠኙ መቺዎች ደግሞ ቅደም ተከተላቸውን አይለቁም፤ አንዱ ዙር የቆመበት ላይ ሌላው ይቀጥላል። ይህችን የመጨረሻዋን ኤልዊን በመጀመሪያው ቀን ነበር የነገራት።

አመሻሽ ላይ፣ ፀሐይ ገና ሳትጠልቅ፣ ጨው የሌለው ዶሮና ሁለት ጊዜ ተቀቅሎ ውሃው የተደፋ ድንች ይበሉና ሳህኑ ይነሳል። ኤልዊን ሁለት እጁን የጠረጴዛው ላስቲክ ላይ ዘርግቶ፣ «በይ፣ ሜዳ አስገቢኝ» ይላል። ቨርና ታነባለች። ስትቸኩል፣ «አትሩጪ፣ ወርዋሪው ገና ላቡን እየጠረገ ነው» ይላታል። ስምንተኛው መቺ ላይ ስትደርስ ሁልጊዜ ወደ ፊት ጠጋ ይላል። ስምንተኛው ብሪንክማን ነው፤ ወፍራም፣ ሲሮጥ እግሩን የሚጎትት፣ ሥራው የትራክተር ጥገና የሆነ ሰው። ሦስት ሳምንት አንዲት ኳስ በወጉ አልመታም። «እሱና እኔ ጉልበታችን አንድ ነው» ይላል ኤልዊን። «እሱ የመታ ቀን እኔ እጨፍራለሁ።»

በሐምሌ ሁለተኛው ሐሙስ አምስተኛው ዙር ሲያልቅ ጃርቶች ሦስት ለሁለት እየተመሩ ነበር። ሜዳው ከቤቱ ሰባት መቶ እርምጃ ቢሆን ነው። ሄዳ እንዳታይ የእንጨቱ ወንበር ለወገቧ አይሆንም፤ ከዱዌን ሌላ ደግሞ ማን ምን እንዳደረገ የሚነግራት የለም። ነፋሱ ከደቡብ ሲሆን የሕዝቡ ጩኸት በመስኮት ይገባል፤ ዱዌን ግን በኢንተርኔቱ ስለሚዘገይ ነገሩን የሚነግራት ከግማሽ ደቂቃ በኋላ ነው። ስለዚህ ጩኸት ስትሰማ እርሳሷን አስተካክላ ትጠብቃለች። በስድስተኛው ዙር ተጋጣሚዎቹ መትተው ጨረሱ፣ የጃርቶች ተራ ደረሰ፣ ዱዌን ስለ ቤተ ክርስቲያኑ የኬክ ሽያጭ ማውራት ጀመረ። ቨርና አገጯን በመዳፏ ደገፈች። ለአፍታ ብቻ።

በእንቅልፏ ውስጥ ጩኸት የሰማች መሰላት። ስትነቃ ጉንጯ ደብተሩ ላይ ነው፣ ዱዌን ደግሞ፣ «እንግዲህ ወደ ሰባተኛው ዙር አለፍን፣ አሁንም ሦስት ለሁለት» ይላል።

የጃርቶች የስድስተኛው ዙር ዓምድ ባዶ ነበር። ነጥብ አልገባም፤ ቢያንስ ይህን ታውቃለች። አንዲት ኳስ ሳትጠፋ ብላለች። እርሳሷን አነሳችና ለሚቀጥሉት ሦስት መቺዎች ሦስት መውጫ ጻፈችላቸው፤ አንዱን 6-3፣ አንዱን ኬ፣ አንዱን ወደ ላይ መትቶ የተያዘበት። ማን ይጎዳል? ከዚያ የቀረውን እስከ መጨረሻው በትክክል ጻፈች፤ ዓይኗ እንዳይከደን ቆማ።

ኤልዊን አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ተመለሰ። ፊቱ አመድ መስሏል። ድንቹን ገፋ አደረገው። ነገር ግን ሳህኑ ሲነሳ እጆቹን ዘረጋ።

«በይ፣ ሜዳ አስገቢኝ።»

አምስቱን ዙር በደህና አነበበች።

«ስድስተኛ፣ የኛ ተራ» አለች፣ ድምፅዋ እንዳይለወጥ እየተጠነቀቀች። «ጋርዛ፣ 6-3። ኦስለር፣ ኬ። ሚክስ ወደ ላይ መትቶ ተያዘበት።»

«እንዲህ በአጭሩ?»

«እንዲህ በአጭሩ።»

«ዱዌንስ? ስለ ኦስለር አዲሱ ጫማ እንኳ ምንም አላለም?»

«ምንም።»

«ታሞ ነው ማለት ነው።»

ቨርና ቶሎ አለፈች። የተጋጣሚዎቹን ሰባተኛ ዙር አነበበችና ወደ ጃርቶች ተመለሰች። «ሰባተኛ። ታሊቨር በግራ በኩል መትቶ የመጀመሪያው ማረፊያ ደረሰ።»

«ቆይ። ማን አልሽ?»

«ታሊቨር።»

«ታሊቨር ሁለተኛ መቺ ነው። ስድስተኛው በሚክስ ካለቀ ሰባተኛውን የሚከፍተው ብሪንክማን ነው።» ፊቱን ወደ እሷ አዞረ። «ብሪንክማንን የት ጣልሽው?»

ቨርና ደብተሩን አየች። ምልክቶቿ ተራ በተራ ቆመው አጋለጧት። ኤልዊን ላስቲኩ ላይ በጣቶቹ መቁጠር ጀመረ።

«ጋርዛ፣ ኦስለር፣ ሚክስ፣ ብሪንክማን፣ ዘጠነኛው፣ አንደኛው። ታሊቨር ከመድረሱ በፊት ስድስት ሰው መጥቷል። ሦስት ወጥቷል። ነጥብ አልገባም። የቀሩት ሦስቱ የት ሄዱ?» ጣቱ ቆመ። «ማረፊያዎቹ ላይ ናቸው። ሦስቱም ማረፊያ ሞልቶ ነበር፣ ቨርኒ! ከተማው ሁሉ ተነስቶ ሲጮህ ነበር!»

ቨርና «ካቆምኩ አሥር ቀን ነው» ያላት ትዝ አላት፣ «ቢበዛ ሁለት ሳምንት» ያላትም። ሌላ ውሸት ፈለገች፣ አጣች።

«ተኛሁ» አለች። «ደክሞኝ ተኛሁ ኤልዊን። ከዚያ ፈጥሬ ጻፍኩ። አሁንም ደክሞኛል። ሁልጊዜ ነው የሚደክመኝ።»

ይህን ቃል ከመኸር ጀምሮ አንድም ቀን ከአፏ አውጥታው አታውቅም። ኤልዊን እጁን በላስቲኩ ላይ እየዳበሰ መጥቶ እጇን አገኘ፤ ያበጡትን መገጣጠሚያዎች አንድ በአንድ ነካካ፣ እንደማያውቃቸው ሰው።

«ከመቼ ጀምሮ ነው እንዲህ ያበጡት?»

«ቆይቷል።»

«አልነገርሽኝም።»

«አንተ ነበርክ የታመምከው።»

«ላጲስ አለሽ?» አለ እጇን ሳይለቅ። «አጥፊያቸው። ያልሆነ ነገር ደብተሬ ላይ አይቀመጥም።»

ሦስቱን አጠፋች። የላጲሱን ፍርፋሪ እፍ ብላ አራገፈችው።

«ቅዳሜስ?» ብላ ጠየቀችው፤ ፍርሃቷ እዚያ ላይ ነበር።

«ቅዳሜ እሄዳለሁ።»

«ውላችን እኮ…»

«ውሉን ያወጣሁት እኔ ነኝ፣ እኔው አሻሽለዋለሁ። ጨዋታ ቢኖርም ባይኖርም እሄዳለሁ። ቅዳሜ ቅዳሜ አንቺ ትተኛለሽ። ያንን ዕቃ ከድነሽ ትተኛለሽ።»

«ስትመጣ ምን ላነብልህ ነው?»

«ሌላ ነገር እናወራለና።»

«ስለ ምን?»

«እኔ ምን አውቃለሁ! አርባ ስድስት ዓመት አብረን ስንኖር ስለ ምን ነበር የምናወራው?»

«ስለ ቤዝቦል።»

ሳቀ። ሳቁ ሳል ሆነበት፣ ውሃ ሰጠችው፤ የተፈቀደለትን ያህል፣ ግማሽ ብርጭቆ።

ቅዳሜ ሚኒባሱ መጣ። ኤልዊን ኮፍያውን አድርጎ፣ የሹፌሩን ክንድ ይዞ ወጣ። ቨርና ላፕቶፑን ከደነችና አልጋው ላይ ወጣች። መጀመሪያ እንቅልፍ እምቢ አላት። ከደቡብ በኩል ጩኸት ሲመጣ እጇ እርሳስ ፈለገ። ከዚያ ግን እንደ ድንጋይ ተኛች፤ ኤልዊን ተመልሶ በሩን ሲነካካ ነው የነቃችው። እሱም ደክሞት ነበር፣ እሷም ድካሙ ገና አልወጣላትም። ዶሮውን ቀዝቃዛውን በሉ። ያወሩት ስለ ብሪንክማን ነው። ስቶ ነው ትላለች እሷ፤ በእንቅልፏ የሰማችው ጩኸት የቁጣ ነበር። መትቶ ነው ይላል እሱ፤ መትቶ ነው እንጂ ለሦስት ሳምንት ያልመታ ሰው ሲስት ማን ይጮህለታል? ይህ ክርክር ይኸው እስካሁን አላለቀም። ኤልዊን ሚኒባስ ውስጥ ሲገባም ያነሳዋል፣ ሲወርድም ያነሳዋል።

ዱዌንን መጠየቅ ቀላሉ ነበር። ዱዌን መልካም ሰው ነው፣ ምስጢር ግን አይቋጥርም፤ በማግስቱ «ቨርና እንቅልፍ ወስዷት ነበር» ብሎ ለአገር ያሰማል። ቨርና ጥያቄዋን ወረቀት ላይ ጽፋ ግሮሰሪው በር ላይ ልትለጥፈውም ወስዳው ነበር። ዱዌን ዳቦ የሚገዛው እዚያ መሆኑ ትዝ ሲላት መልሳ ኪሷ ከተተችው። ስለዚህ ልመናዋ እዚህ ሰፍሯል፣ እንደጻፈችው፦

«በሐምሌ ሁለተኛው ሐሙስ የጃርቶችን ጨዋታ በሜዳም ሆነ በኮምፒዩተር የተከታተላችሁ፣ ብሪንክማን በስድስተኛው ዙር ምን እንዳደረገ ንገሩን። መትቶ ከሆነ በየት በኩል እንደሆነ ንገሩን። ስቶ ከሆነም ስቷል በሉን፣ ባለቤቴ አይከፋውም። በጓሮ በር ኑ፣ የፊት ለፊቱ ይጣበቃል። ቅዳሜ ከቀኑ ሰባት ሰዓት እስከ አሥር ሰዓት ግን እባካችሁ አታንኳኩ። ተኝቼ ነው።»