ሮም ላይ ያየሁት የኬረላ ፊልም

ባለፈው ጥቅምት ከአዲስ አበባ ወደ ሮም የበረርኩት እህቴን ሰናይትን አገር ቤት እንድትመጣ ለመለመን ነበር። ሮም ውስጥ አንዲት ባልቴት እየጦረች ትኖራለች። ለአባታችን ቪላ አሠርታላቸዋለች፤ ቤቱን ግን በዓይኗ አይታው አታውቅም።

ከአውሮፕላን ማረፊያው በባቡር ተርሚኒ ጣቢያ ገባሁ። ሰናይት ካስትሮ ፕሬቶሪዮ ሰፈር ያለ የሀበሻ ምግብ ቤት ወስዳ ሽሮ ጋበዘችኝ። የመጣሁበትን ስነግራት፣ «አሎራ፣ እንግዲህ ፔርሜሶዬ፣ የመኖሪያ ፈቃዴ፣ ይታደስና እናያለን» ብላ ወሬ ቀየረች።

እሑድ ከሰዓት

እንደ እሷ ሰው የምትጦር ጓደኛዋ ሊሲ ፊልም ጋበዘችን። ሊሲ የደቡብ ሕንድ፣ የኬረላ ሰው ናት፤ ቋንቋዋ ማላያላም ይባላል። የአገሯ ልጆች የቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ተከራይተዋል። በር ላይ በኮኮናት ዘይት የተጠበሰ ሙዝ ታደለን።

እኔ የሕንድ ፊልም ሲባል የማውቀው ተራራ ላይ የሚጨፍሩ ፍቅረኞችን ነው። የዚህኛው ዋና ተዋናይ ግን ሽርጥ ያገለደመ ቦርጫም ሽማግሌ ነው። ልጁ ውጭ አገር ነርስ ሆና ባሠራችለት ትልቅ ቤት ብቻውን ይኖራል። ዝናቡ አያባራም። ሙስሊሙ ዓሣ ሻጭ፣ ሂንዱዋ ጎረቤቱና የሰበካው ቄስ ደጁ ላይ ተቀምጠው ስለ ፖለቲካ ይጨቃጨቃሉ። ሲመሽ እነሱ ይሄዳሉ፤ እሱ ቤቱ ሰው ያለበት እንዲመስል የየክፍሉን መብራት ያበራል።

ተመልካቾቹ አብዛኞቹ ነርሶችና እንደ ሰናይት ሰው የሚጦሩ ሴቶች ናቸው። ከቋንቋው አንድ ቃል ሳላውቅ ዓይኔን ከመብራቶቹ መንቀል አቃተኝ። ከፊልሙ ሥር የሚጻፈውን ጣልያንኛ በጆሮዬ ስትተረጉምልኝ የነበረችው እህቴም መተርጎሙን ትታ ማየት ብቻ ሆነች።

ስንወጣ ሊሲን በእህቴ በኩል፣ ገመናችሁ እንዲህ ሲታይ ሰው አይከፋም ወይ አልኳት። ይከፋል እንጂ፣ ሻይ ቤት ቁጭ ብሎ ሲከራከርበት ይሰነብታል፤ ግን ውሸት ካሳዩት ይብስ ይከፋል አለች።

አውቶቡስ ስንጠብቅ ሰናይት፣ «አባዬ የትኛው ክፍል ነው የሚተኙት?» አለችኝ።

አባዬ እንዳልነግራት አስጠንቅቀውኝ ነበር። መዋሸት ግን አቃተኝ።

«ሰርቪስ ቤቷ ውስጥ። ትልቁ ቤት ጭር ይልብኛል ይላሉ።»

«ፔርሜሶዬ ከታደሰ ቆይቷል» አለች። «አርጅተው ማየቱን ፈርቼ ነው።» በማግስቱ ከአሠሪዋ ፈቃድ ጠየቀች።

አዲስ አበባ

የሮም ፍርስራሽ ትልቅ ነው። እኔን ያስደነቀኝ ግን አንድ የሩቅ ሕዝብ የራሱን ቤት ሳይሸፋፍን ሲያሳይ የእኔንም ቤት ማሳየቱ ነው። አባዬ ስለ ጉዞው ሲጠይቁኝ ያወራኋቸው ፊልሙን ነበር።

«የሰውዬው ልጅ መጣች?» አሉ።

«የሱ አልመጣችም። የእርስዎ ለጥምቀት ትመጣለች።»

ወንበራቸውን ወደ እኔ አስጠጉ።

«እስኪ ከመጀመሪያው ንገረኝ» አሉ።