ለቅሶ ቀን የማይዘጋ በር

ይህ ታሪክ መጻፍ ይገባው እንደሆነ እስካሁን እርግጠኛ አይደለሁም። ማንም አልተጎዳም፣ ሌባውም አልተያዘም፤ የጠፋው አንድ የስፌት መኪና ነው። ደሴ ውስጥ ከዚህ የባሰ የደረሰበት ሰው ሞልቷል። ጀምሬ የተውኩትም ለዚህ ነው። ግን ያን ጊዜ ልናጣት የነበረው እናቴን ይመስለኛል፤ ስለዚህ እቀጥላለሁ።

ቤታችን ከሰኞ ገበያ ጀርባ፣ ወደ ላይ በምትወጣ ጠባብ ኮረኮንች መንገድ ላይ ነው። የመንገዷ ሰው ሙስሊሙም ክርስቲያኑም በአንድ ቅሬ ነው። ቅሬ ሌላው አገር እድር የሚለው ነው፤ ሰው ሲሞት ይቀብራል፣ ድንኳን ይተክላል፣ ሐዘንተኛውን ያስተዛዝናል። በእኛ ሰፈር ደግሞ አንድ ልማድ አለ፤ ሰው በሞተ ቀን የግቢ በር አይዘጋም። በሩን የዘጋ ሰው «ሐዘናችሁ አይመለከተኝም» እንዳለ ይቆጠራል። ስለዚህ መርዶ ሲሰማ በሩን ወለል አድርጎ ከፍቶ ሁሉም ወደ ለቅሶ ቤት ይወጣል። ይህን ልማድ ሌላ ሰውም ሊያውቀው እንደሚችል ያሰበ አልነበረም።

የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ፈተና በጨረስኩበት ክረምት፣ ከመንገዳችን ጫፍ የሚኖሩ አንድ አዛውንት አረፉ። እናቴ የተማሪ ዩኒፎርም እየሰፋች ነበር። መርዶውን ስትሰማ ሥራውን ከመርፌው ሥር ሳታወጣ ተነሳች፤ ሻሿን አሰረች፤ የቤቱን ቁልፍ እንደ ሁልጊዜው ከመቃኑ በላይ አስቀመጠች። እኔም ተከተልኳት። የቁልፉን ቦታ የማያውቅ ጎረቤት አልነበረንም። ጨው የቸገረው ሰው እኛ ባንኖርም ራሱ ከፍቶ ይወስድ ነበር።

ከሰዓት በኋላ ስንመለስ ቤቱ ተቆልፏል፤ ቁልፉም ቦታው ላይ ነው። ገብተን ስናይ ግን የስፌት መኪናው የለም። እግሩ ብቻ ቆሟል፣ ቀበቶው ወደ ታች ተንጠልጥሏል። ሌላ የተነካ ዕቃ አልነበረም። መርፌው ሥር የነበረው ጉርድ ደግሞ ክሩ ተቆርጦ፣ በሥርዓት ታጥፎ አልጋው ላይ ተቀምጧል።

እናቴ ጉርዱን አንስታ አገላበጠችው። «ክሩን እንኳ አልበጠሰውም፤ መቀሱን ፈልጎ ነው የቆረጠው» አለች። «ተረጋግቶ ነው የሠራው። ልክ እንደ ቤቱ።»

ከመኪናው መጥፋት ይልቅ ያ የታጠፈ ጉርድ የጎዳት ይመስለኛል።

ኮምቦልቻ ፋብሪካ የምትሠራው አክስቴ የራሷን መኪና አመጣችላት፤ ስለዚህ ስፌቱ አልተቋረጠም። እናቴ ግን መኪናውን ፊቱን ወደ በሩ አዙራ አስቀመጠችው። የግቢው በር ጓጉንቸር ተገዛለት፤ የቤቱም በር እንዲሁ፤ ቀጥሎ ሳጥኑ። ሥራ ላይ እያለች እንኳ ግቢውን ከውስጥ ትቆልፋለች። ለቅሶ ሲሆን የምትልከኝ እኔን ነበር።

«ሂጅ፤ ስፌት ይዟት ነው በያቸው» ትለኛለች።

መጀመሪያ ላይ ሴቶቹ «እናትሽስ?» ይሉኝ ነበር። በኋላ መጠየቅ ተዉ። ከጥያቄያቸው ይልቅ ዝምታቸው አስፈራኝ። እኛ ዘንድ የሰው ለቅሶ የማይደርስ ሰው ከቅሬ ይሰረዛል። አባቴ በሕይወት የለም፤ እኔም ብቸኛ ልጅ ነኝ። እናቴ ከቅሬ ከወጣች ስትታመምም ሆነ ስታርፍ ከእኔና ከአክስቴ በቀር ደራሽ አይኖራትም።

በዚህ መሀል ዩኒቨርሲቲ ኮምቦልቻ ደረሰኝ። ቅርብ ቢሆንም የምመለሰው ቅዳሜና እሁድ ብቻ ነው፤ በሌላው ቀን በእሷ ፈንታ ለቅሶ የሚቀመጥ ሰው ጠፋ። ፊት ለፊታችን የሚኖሩ አንዲት ክርስቲያን እናት አሉ፤ እናቴ «እትዬ» ነው የምትላቸው። አንድ ቅዳሜ ከለቅሶ ሲመለሱ በራችን ላይ ቆሙ።

«አንች፣ እንግዲህ ሰውን በበር ቀዳዳ ነው የምታይው?»

«እትዬ፣ ቤቱን ለማን ልተወው?»

«ቤቱንማ ያዥው። ስትሞች ጓጉንቸሮችሽ ይሸኙሻል። አሁን ሦስት ናቸው፤ አንድ ከጨመርሽ ቃሬዛውን ይሸከሙታል።»

እናቴ ሳቀች። እሳቸው ሲሄዱ ግን መርፌውን ይዛ ብዙ ቆየች፤ ክሩን አላስገባችውም።

እኔም በአቅሜ ልረዳት ሞከርኩ። ከግቢው በር እስከ መስኮቱ ሲባጎ ዘርግቼ ደወል አሰርኩበት፤ የጎረቤት ዶሮ ቀኑን ሙሉ ስታስደውለው ዋለችና እናቴ ራሷ ፈታችው። ከዚያ ኮምቦልቻ ብየዳ ቤት የመስኮት ፍርግርግ አሠርቼ በሚኒባስ አናት ጭኜ አመጣሁ። ሲገጠም ቆማ አየች።

«ጥሩ ነው» አለች። «አሁን ሌባ አይገባም፤ እኔም አልወጣም። ተመቻቸን።»

ልታስደስተኝ ብላ እንደተናገረች ገባኝ። ግን ያመጣሁት ነገር ሁሉ ቤቱን ይበልጥ እያጠበበባት እንደነበር ያን ዕለት አየሁ።

አንድ ቅዳሜ የቅሬው ዳኛ መጡ። ሽማግሌ ሃጂ ናቸው፤ የቅሬውን ደንብ የሚያስጠብቁት እሳቸው ናቸው። እናቴ ከውስጥ ስትከፍት ውጭ ቆመው ይጠብቃሉ።

«ባንክ ከፍተሽ ነው እንዴ?» አሉ በበሩ ማዶ።

ገብተው ከተቀመጡ በኋላ ግን ቀልዱን ተዉት። «ስምሽ እየተነሳ ነው፣ ልጄ። ደንቡን ታውቂዋለሽ። ሳልነግርሽ እንዲደርስብሽ አልፈለግሁም።»

እናቴ የያዘችውን እጅጌ አስቀመጠች። «ሃጂ፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ። ቀብር የሚቆፍሩት ጎረምሶች ለቅሶ ቤት አይቀመጡም። ቀሩ ይባላሉ?»

«እንዴት ይባላሉ? ሥራ ላይ ናቸው።»

«ለለቀስተኛው ወጥ የሚሠሩትስ?»

«እነሱም ሥራ ላይ ናቸው።»

«የሁላችንንም ቤት የሚጠብቅ ሰው ቢቀመጥስ?»

ሃጂ መቁጠሪያቸውን ኪሳቸው ከተቱ። «ወላሂ፣ ይኸን የጠየቀኝ የለም» አሉ። «እኔ ብቻዬን የምወስነው አይደለም። ስብሰባው ላይ አንሽው።»

«ስብሰባው ለመምጣትስ ቤቱን ለማን ልተወው?»

ሃጂ ሳቃቸውን መቆጣጠር አቃታቸው። «እንግዲያስ እኛ እንመጣለን» አሉና ወጡ።

እንዳሉትም የቅሬው ስብሰባ በኛ በር ላይ ሆነ። ሰው በርጩማውን ይዞ መጥቶ መንገዷን ሞላት። እናቴ በከፈተችው በር መሀል፣ አንድ እግሯን ውስጥ አንዱን ውጭ አድርጋ ቆመች። ሃጂ ነገሩን ሲያስረዱ የመንገዳችን ባለሱቅ አልተዋጠለትም።

«ሰው እያለቀሰ በር ላይ መቀመጥ ነውር ነው» አለ። «ለሌባ ብለን ልማዳችንን ልንለውጥ ነው?»

«ልማዱን ማን ለወጠው?» አሉ እትዬ። «በሩ ይከፈት፤ ሰው ይቀመጥበት ነው የተባለ። ክፍት በርና ባዶ በር አንድ ነው? አንተስ ለቅሶ ስትመጣ ሱቅህን ከፍተህ ነው የምትመጣው?»

«ሱቅማ ሌላ ነው።»

«ለምን? ሱቅህ አያለቅስም?»

ሰው ሳቀ፤ ባለሱቁም ሳይወድ በግዱ ፈገግ አለ። በመጨረሻ ተስማሙ። ለቅሶ ሲሆን በር እንደ ድሮው ክፍት ይሆናል፤ በየተራ ከአንድ ቤት አንድ ሰው መንገዷ ላይ ይቀመጣል፤ የተቀመጠውም እንደ ለቀስተኛ ይቆጠራል። ሃጂ የመጀመሪያውን ተራ ለእናቴ ሰጧት።

ተራዋ የደረሰ ዕለት እኔም ነበርኩ። ወንበሯን መንገዱ መሀል አወጣች፤ በእጅ የሚቀመቀም ልብስ ይዛ ተቀመጠች። ወደ ለቅሶ የሚወጣው ሰው በአጠገቧ ሲያልፍ «ያዥልኝ» እያለ የውስጥ በሩን ቁልፍ ይሰጣታል። በሻሿ ጫፍ ቋጠረችው። ቋጠሮው እየከበደ ሻሿን ወደ አንድ ጎን ጎተተው። መጨረሻ ላይ ባለሱቁ መጣ፤ የሱቁን ቁልፍ ጭኗ ላይ አስቀምጦ አለፈ።

ማንንም ማመን አቅቷት የነበረች ሴት፣ ያን ቀን ሰፈሩ ሁሉ አመናት።

እኩለ ቀን ላይ የማናውቀው ጎልማሳ ወደየግቢው እያየ መጣ። ልቤ ፈራ። እናቴ ግን ከመርፌዋ ቀና ብላ፣ «ማንን ፈለግህ ልጄ?» አለችው።

«የሚከራይ ቤት ካለ ብዬ ነው።»

«ዛሬ ለቅሶ ላይ ናቸው። ነገ ና። ውሃ ልስጥህ?»

ጠጥቶ አመስግኖ ሄደ። «ሌባ ቢሆንስ?» አልኳት።

«ቤት ፈላጊ ከሆነ ነገ ይመጣል፤ ሌባ ከሆነም ሰው እንዳለን አይቷል» አለች።

በማግስቱ ከሚስቱ ጋር መጣ። አሁን እትዬ ግቢ ውስጥ ይኖራሉ፤ ተራው ሲደርስ እሱም ይጠብቃል።

ያም ሆኖ እናቴ ገና አልወጣችም ነበር። ለሌላው መጠበቅና የራስን ትቶ መሄድ ለካ የተለያዩ ናቸው። ሌላ ሰው ተራ በያዘበት ለቅሶ ሁለት እርምጃ ሄዳ ተመልሳለች። «አብሽሪ፣ ይደርሳል» ይሏት ነበር ሃጂ።

ከዚያ የእትዬ እህት ቦሩ ሜዳ አረፉ። ከፈተና በኋላ ቤት ነበርኩ። ተራው የባለሱቁ ነበር፤ ወንበሩን አውጥቶ ተቀምጧል። እትዬ እናቴን አልጠሯትም፤ የሚጠብቋትም አይመስለኝም። እናቴ ሻሿን አሰረች። የግቢውን በር ወለል አድርጋ ከፈተች፤ ጓጉንቸሩን ከማንጠልጠያው ላይ አውጥታ መስኮቱ ሥር አስቀመጠችው። የቤቱን ቁልፍ ይዛ ባለሱቁ ፊት ቆመች።

«መኪናው በሩ ፊት ለፊት ነው...» ብላ ጀመረች።

«አውቃለሁ፣ እህቴ። ሂጅ፤ ሚኒባሱ ያመልጥሻል።»

ቁልፉን ሰጠችው።

ሚኒባሱ ውስጥ ከእትዬ አጠገብ ተቀመጠች። ከከተማው እስክንወጣ ድረስ የሻሿን ባዶ ጫፍ በጣቶቿ ታሽ ነበር። እትዬ ዓይናቸው አብጧል፤ ግን አዩባት።

«ጓጉንቸሮቹስ አልመጡም?» አሏት ቀስ ብለው።

«ተራቸው አልደረሰም» አለች እናቴ፤ የሻሿን ጫፍ ለቃ እጃቸውን ያዘቻቸው።

ቦሩ ሜዳ ከለቀስተኛው ጋር ዋለች፤ ቤቱን አንድም ጊዜ አላነሳችም። ሰኞ፣ ግንቦት 18 ቀን 2017 ዓ.ም. ነበር።