በስሟ የወጣው ጌም

ነዋል ሙሀዲን ከሚሴ ውስጥ ሞባይል ትጠግን ነበር። ጌም መሥራት የጀመረችውም እዚያችው ጠባብ ሱቋ ውስጥ፣ ደንበኛ በሌለበት ሰዓት ነው። ፕሮግራም መጻፍን ያስተማራት ሰው የለም፤ ኔትወርክ ባገኘች ቁጥር ቪዲዮ እያወረደች በራሷ ለመደችው።

በ2008 ዓ.ም. የመጀመሪያ ጌሟ ወጣ። ተጫዋቹ ፍየሎቹን ከጨፋ ሜዳ ነድቶ፣ የቦርከናን ወንዝ አሻግሮ ሰንበቴ ገበያ ያደርሳል፤ እዚያ ከአፋር ነጋዴዎች ጋር ይከራከራል። ሐሳቡ የመጣላት ከእናቷ ከዑሙልኸይር ነው። ዑሙልኸይር ባሏ ከሞተ ጀምሮ ሰንበቴ ላይ ፍየል ትነግዳለች። ጌሙ ከስልክ ወደ ስልክ እየተላለፈ የባጃጅ ሾፌሮች ሁሉ ተሳፋሪ እስኪሞላላቸው የሚጫወቱት ሆነ።

ደስታዋ ግን አልቆየም። ስሙን የደበቀ ሰው በፎቶዋ የፌስቡክ ገጽ ከፍቶ፣ ጌሙን የሠራላት ወንድ ነው፣ ሱቁንም የከፈተላት እሱ ነው ብሎ ጻፈ። የማታውቃቸው ሰዎች ከሥሩ ስድብ ደረደሩ፤ አንዳንዱ ሱቋ ያለበትን ቦታ ጠቅሶ ዛተባት። ሽማግሌ ሊልክ የነበረ ቤተሰብ ድምፁን አጠፋ። ነዋል ስሟን ከጌሙ ላይ አነሳች፤ ሱቋንም ዘግታ ቤት ዋለች።

ዑሙልኸይር ማንበብ አትችልም። ልጇን አጠገቧ አስቀምጣ የተጻፈውን በሙሉ እንድታነብላት አዘዘቻት። ነዋል እያፈረች አነበበች፤ እናቷም ፊቷን ሳታዞር እስከ መጨረሻው ሰማች።

«ይሄን ያለው ሰው ማን ይባላል?»

«አይታወቅም፤ ስሙን ደብቋል።»

«እሱ ይደብቅ፤ ያፍርበታል። ኢንተላ ኮ፣ ልጄ፣ አንቺ ምን አጥፍተሽ ነው የደበቅሽው?»

ከዚያ ዑሙልኸይር እሷ ራሷ ንግድ ስትጀምር ወንዶቹ ገበያ መሐል ምን ይሏት እንደነበር ነገረቻት። ነዋል እስከዚያ ቀን ሰምታው አታውቅም ነበር።

በማግስቱ አብረው ፖሊስ ጋ ሄዱ። መርማሪው ፌስቡኩን ዝጊውና ተገላገይ አላት።

«ገበያ ላይ ሰው ቢዝትብኝ፣ ገበያ አትውጪ ትሉኝ ነበር?» አለች ነዋል ድምፅዋን ከፍ ሳታደርግ።

 መርማሪው ወንበር ስቦላት ቃሏን ተቀበለ።

ወዳጆቿ እየተባበሩ ሪፖርት ቢያደርጉት ገጹ ተዘጋ፤ በሳምንቱ ሌላ ተከፈተ፤ እሱንም አስዘጉት። ነዋል ሱቋን ከፈተች፤ ጌሙንም እስከ አያቷ ስሟን ጽፋ መልሳ አወጣችው። ይህን ያየች ልደት የምትባል ተማሪ ሱቋ ድረስ መጣች፤ እሷንም በፎቶዋ ነውር እየጻፉ ትምህርት ሊያስጥሏት ነበር። ሌሎችም ተከተሉ። ነዋል ቅዳሜ ቅዳሜ ሱቁን ለደንበኛ ዘግታ፣ ዛቻን እንዴት በማስረጃ እንደሚይዙና አካውንታቸውን እንዴት እንደሚጠብቁ ታሳያቸው ጀመር።

ጨፋ ሮቢት ከተማ፣ ነዋል ስለዚሁ ጉዳይ እንድትናገር በተጋበዘችበት የወላጆች ስብሰባ ላይ አንድ አባት ተነስተው፣ ሴት ልጅ ፎቶዋን ባትለጥፍ ይሄ ሁሉ አይመጣም አሉ። ነዋል በአክብሮት መለሰችላቸው፦ ልደት ፌስቡክ ኖሯት አያውቅም፤ ፎቶዋ የተወሰደው ከዘመድ ሠርግ ላይ ነው። ሰውዬው፣ እንግዲያው የሚለጥፉትን ወንዶች ልጆቻችንን እንጠይቅ ብለው ተቀመጡ።

የነዋል ሰዳቢ ማን እንደሆነ እስከ ዛሬ አልታወቀም። ሁለተኛው ጌሟ በአማርኛና በኦሮምኛ በወጣ ዕለትም ስድብ አልቀረላትም። ዛቻ ያለበትን ለይታ ለመርማሪው ላከች፣ የቀረውን አጠፋች፤ ከዚያ አንድ ተጫዋች ፍየሉ የቦርከና ድልድይ ላይ ተጣብቆ አልሄድ አለኝ ብሎ ስለጻፈላት፣ ስህተቱን ለማስተካከል ላፕቶፗን ሳበች።