የሰሚራ ኮከብ

ቺሮ ባለው የአባቴ ቤት ጣራ ላይ የቀጠርኩት ሠራተኛ ሬንጅ ሲቀባ፣ ሽታው ልጅነቴን ይዞብኝ መጣ።

ታላቅ እህቴ ሰሚራ ታማ ተኝታ፣ በቆርቆሮው ቀዳዳዎች የሚገባውን ፀሐይ በምናቧ የፈጠረችው አገር ከዋክብት አድርጋው ነበር። «ትልቁ ኮከብ ትራሴ ላይ ሲደርስ የዚያ አገር በሽተኛ ሁሉ ይነሳል» ትለኝ ነበር።

ክረምት ሲቃረብ አባባ ጣራው ላይ ወጥቶ ቀዳዳዎቹን በሬንጅ መድፈን ጀመረ። ከዋክብቱ አንድ በአንድ ጠፉ።

«አባባ፣ ትልቁን ተውልኝ!» ብላ ጮኸች።

አባባ የሬንጁን ብሩሽ አስቀመጠ። «እሱን እንኳ ልተውላት» ሲል ሰማሁት፤ ድምፁ ለምን እንደሰለለ ያኔ አልገባኝም።

ከቀዳዳው ሥር ጣሳ ደቅነን ከረምን። ሰሚራ ግን መስከረምን አላየችም።

«አቦ፣ አንድ ትልቅ ቀዳዳ ቀርቷል፤ ልድፈነው?» አለኝ ሠራተኛው ከላይ።

«ተወው፤ ጣሳ አለን» አልኩት።